ተቀበል!

ባሕር ዳር ሲመሽ፣ የጣና ነፋስ ቀዝቀዝ ሲል፣ አንዱ አዝማሪ ቤት ጎራ በሉ። መድረክ የለም፤ መጋረጃም የለም። አዝማሪው ማሲንቆውን እየገዘገዘ በየጠረጴዛው ይዞራል። አንዱ ብርሌውን አስቀምጦ «ተቀበል!» ይልና ስንኝ ይወረውራል፤ አዝማሪው ቤት እንደመታ ያዜመዋል። የስንኙ ወርቅ፣ ድብቁ ትርጉም፣ ዘግይቶ የገባው ሰውዬ ሳቅ ከሁሉም ይበልጣል። ብሩ አዝማሪው ግንባር ላይ ይለጠፋል።

ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በ1910ዎቹ የአውሬዎችን ተውኔት ለመድረክ ሲያበቁ «የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ቴአትር» ተባለ። እኔ ግን ቅር ይለኛል። ከፈረስ ጭራ የተሠራ አንድ አውታር ባላት ማሲንቆ ሹሙን ሳይቀር የሚሸነቁጥ፣ ተመልካቹን ደራሲ የሚያደርግ ተዋናይ ቀድሞም ነበረና።

ባለፈው አንዲት አዝማሪ ወፍራሙን መነጽሬን አየችው። እስኪነጋ አልለቀቀችኝም።