ጌታው፣ ወዳጁና ስሙ ያልተጻፈው ወታደር

የታላላቅ ሰዎች የሕይወት ታሪክ ብዙውን ጊዜ የሚጻፈው በወዳጅ ወይም በጠላት እጅ ነው። ጠላት የጻፈውን አንባቢ ተጠንቅቆ ያነበዋል፤ ወዳጅ የጻፈውን ግን ልቡን ከፍቶ ይቀበለዋል። ስለዚህ ለሐያሲ ይበልጥ የሚያስቸግረው የወዳጅ ብዕር ነው። እንግሊዛዊው ባለሥልጣንና ገጣሚ ፉልክ ግረቪል ስለ ፊሊፕ ሲድኒ የጻፈው የሕይወት ታሪክ ለዚህ በቂ ማስረጃ ነው።

ሲድኒ እ.ኤ.አ. በ1554 በኬንት አውራጃ፣ በፔንስኸርስት፣ ከመሳፍንት ወገን ተወለደ። አባቱ አየርላንድን በዘውዱ ስም ያስተዳደረ ሹም ሲሆን፣ አጎቱ የንግሥት ኤልሳቤጥ ባለሟል የነበረው የሌስተሩ ኤርል ሮበርት ደድሊ ነው። ሲድኒና ግረቪል በ1564 ሽሩዝበሪ ትምህርት ቤት አብረው ገቡ፤ ወዳጅነታቸውም ከዚያ ጀመረ። ሲድኒ አድጎ ቤተ መንግሥት ገባ፤ ንግሥቲቱ የፈረንሳይን ልዑል እንዳታገባ ደብዳቤ ጽፎ ተቃወመ፤ ስለ ሥነ ግጥም ክብር ተሟገተ፤ 108 ሶኔቶችን የያዘ የፍቅር ድርሰት አበረከተ። በመጨረሻም ኔዘርላንድስ ውስጥ ከስፔን ጦር ጋር ሲዋጋ፣ ሴፕቴምበር 22 ቀን 1586 ዙትፈን አጠገብ ጭኑ ላይ በጥይት ቆስሎ፣ ኦክቶበር 17 በ31 ዓመቱ አርነም ከተማ ሞተ።

ግረቪል መጽሐፉን የጻፈው ወዳጁ ከሞተ ከሃያ ዓመታት በላይ ቆይቶ ነው፤ የታተመውም እርሱ ራሱ ካለፈ በኋላ፣ በ1652 ነው። የድርሰቱ ጥንካሬ ከውዳሴ አልፎ መሄዱ ነው። ደራሲው የኤልሳቤጥን ዘመን ታሪክ ለመጻፍ አስቦ፣ የመንግሥት መዛግብትን እንዲመለከት ሮበርት ሴሲልን ቢጠይቅ ተከለከለ። በሩ ሲዘጋበት በሟቹ ወዳጁ ሕይወት ተጠግቶ የንጉሥ ጄምስን ቤተ መንግሥት ተቸ። ሰሙ የሲድኒ ገድል ነው፤ ወርቁ በዘመኑ ሹማምንት ላይ የተሰነዘረ ወቀሳ ነው።

ድክመቱም ከዚሁ ይመነጫል። ወቀሳው እንዲሰላ ምሳሌው እንከን የለሽ መሆን ነበረበትና፣ ሕያው ሰው ወደ ሐውልት ተለወጠ። ገጣሚው በወታደሩ ጥላ ሥር ወደቀ። ሲድኒ በሞት አልጋው ላይ «አርካዲያ» የተባለው ድርሰቱ እንዲቃጠል መመኘቱን የሚነግረን ግረቪል ነው፤ ዳሩ ግን የተሻሻለውን ረቂቅ ጠብቆ በ1590 ለኅትመት ያበቃውም ይኸው ግረቪል ነው። በተግባሩ ገጣሚውን አዳነ፤ በመጽሐፉ ግን ጀግናውን አስቀደመ።

ከሁሉ ይበልጥ የታወቀው የውሃው ታሪክ ነው። ብዙ ደም የፈሰሰው ሲድኒ ተጠምቶ ውሃ ቀረበለት፤ ሊጠጣ ሲል ግን አንድ የቆሰለ ተራ ወታደር ውሃውን ሲመለከት አየና፣ የእርሱ ችግር ከእኔ ይበልጣል ብሎ ሰጠው። ግረቪል በዙትፈን አልነበረም፤ ስለዚህ የዓይን ምስክር አይደለም። ይህ ብቻ ታሪኩን ሐሰት አያደርገውም፤ አንባቢን ግን ሊያስጠነቅቅ ይገባል።

ከዚህ የሚከብድ ሌላ ጥያቄ አለ። ያ ወታደር ማን ነበር? ከየት መጣ? ዳነ ወይስ ሞተ? መጽሐፉ አይመልስም። ሲድኒ ፌብሩዋሪ 16 ቀን 1587 ለንደን፣ ቅዱስ ጳውሎስ ካቴድራል ውስጥ በታላቅ ሥነ ሥርዓት ተቀበረ። ወታደሩ ግን የጌታውን ደግነት እንዲያሳይ ለአንድ አፍታ ከጨለማ ወጥቶ፣ ተመልሶ ጨለማ ውስጥ ገባ። የሚገርመው ግን ትውልድ ከመጽሐፉ ሁሉ መርጦ ያስታወሰው ይህንኑ አፍታ፣ ማለት የማዕረግ ልዩነት በጥም ፊት የተረሳበትን ጊዜ መሆኑ ነው። ጀግናን ጀግና ያሰኘው ያ ስም የለሽ ሰው ነው።

ግረቪል በመቃብሩ ላይ ያስቀረጸው ጽሑፍ የኤልሳቤጥ አገልጋይ፣ የጄምስ አማካሪ፣ የሲድኒ ወዳጅ መሆኑን ይገልጻል። የት ቆሞ እንደ ጻፈ አልደበቀም። የጀግኖችን ታሪክ የሚጽፍ ሁሉ ቢያንስ ይህን ግልጽነት ሊወርስ፣ ከዚያም አልፎ ውሃውን የተቀበለውን ሰው ስም ሊጠይቅ ይገባዋል።