ኦርፌዎስ ስለ ምን ወደ ኋላው ተመለከተ?

ከጥንት የጽርዕ ተረቶች መካከል የኦርፌዎስንና የሚስቱን የኤውሪዲቄን ተረት ያህል ባለቅኔዎች የተመላለሱበት ጥቂት ነው። ታሪኩ አጭር ነው። ኦርፌዎስ የትራቄ ሰው፥ ከክራርና ከበገና ወገን የሆነ መሣሪያ የሚደረድር ባለዜማ ነበረ፤ በደረደረም ጊዜ አራዊት ይከተሉት፥ ዛፎችም ያደምጡት ነበር። ሚስቱን እባብ ነድፎ ቢገድላት መሣሪያውን ይዞ ወደ ሙታን አገር ወረደ። የሙታን ንጉሥም በዜማው ራርቶ፦ ይዘሃት ውጣ፤ ነገር ግን አንተ ቅደም፥ እርስዋ ትከተልህ፤ ወደ ብርሃን ሳትወጡ ዘወር ብለህ ብታያት ታጣታለህ ብሎ አሰናበተው። ኦርፌዎስ ግን ከደጃፉ ሲደርስ ዘወር ብሎ አያት፤ እርስዋም ሁለተኛ ሞተች።

ከዚህ በኋላ የተጻፈው ድርሰት አብዛኛው የሚዞረው በአንዲት ጥያቄ ዙሪያ ነው፤ ይኸውም “ስለ ምን ዘወር አለ?” የምትለው ናት። የመጻሕፍት መምህራን አንዱን ኃይለ ቃል “አንድም” እያሉ እንደሚያመሠጥሩት፥ የምዕራብ ባለቅኔዎችም ይህችን ዘወር ማለት ሲፈቱ ኖረዋል። የፍቺው መብዛት ግን ሁሉን እኩል አያደርገውም። መልካሙን ከደካማው የሚለይ አንድ መመዘኛ አለ፤ እርሱም ደራሲው ከኋላ ለምትከተለው ሴት የሰጠው ስፍራ ነው። ከዚህ በታች የሚነገረው ዘመን ሁሉ በፈረንጆች አቈጣጠር ነው።

አፍላጦን ከልደተ ክርስቶስ በፊት በ4ኛው መቶ ዓመት በጻፈው “ሲምፖስዮን” በተባለው መጽሐፍ፥ ፌድሮስ የሚባለው ተናጋሪ ዘወር ማለቱን እንኳ ሳይጠቅስ ኦርፌዎስን ይነቅፈዋል። አልቄስቲስ ስለ ባልዋ ለመሞት ደፈረች፤ እርሱ ግን በሕይወቱ ሳለ ወደ ሙታን ለመግባት ዘዴ ፈለገ፤ ስለዚህም አማልክት የሚስቱን ጥላ ብቻ አሳይተው ባዶ እጁን ሰደዱት ይላል። በዚህ ፍርድ ውስጥ ኤውሪዲቄ ጥላ ናት እንጂ ሰው አይደለችም።

የሮሙ ባለቅኔ ቬርጊልዮስ በ29 ቅድመ ልደት ገደማ በፈጸመው፥ ስለ እርሻ በሚናገረው ድርሰቱ በ4ኛው መጽሐፍ ነገሩን ሌላ አደረገው። ኦርፌዎስን ድንገተኛ እብደት ያዘው ይላል፤ ጥፋቱን ጥፋት ከማለት አይመለስም፥ ይቅርታ የሚገባው መሆኑንም አይሰውርም፤ ሲኦል ግን ይቅርታ የሌለበት አገር ነው። ከሁሉ በላይ ለኤውሪዲቄ አፍ ሰጣት፤ ሁለቱንም ያጠፋው እብደት ምን እንደ ሆነ ጠይቃ፥ እጅዋን እየዘረጋች ትሄዳለች። ከእርሱ በኋላ በ8 ዓመተ ምሕረት ገደማ ኦቪድዮስ በጻፈው መጽሐፍ ኦርፌዎስ ዘወር ያለው ደክማ እንዳትቀር ፈርቶ፥ ሊያያትም ናፍቆ ነው፤ እርስዋም ፍቅሩን በደል አድርጋ አልቈጠረችበትምና አትወቅሰውም። ሁለቱም ፍቺ የሰው ፍቺ ነው።

ቦኤትዮስ በ524 ገደማ ታስሮ ሞቱን ሲጠባበቅ በጻፈው የፍልስፍና መጽናናት በ3ኛው መጽሐፍ ግን ተረቱን ምሳሌ አደረገው። ልቡናውን ወደ ላይኛው ብርሃን የሚያወጣ ሰው ወደ ጨለማው ቢመለከት የያዘውን መልካም ያጣል ሲል ተረጐመ፤ የሎጥ ሚስት ነገርም ለአንባቢ ትዝ ይለዋል። በሞት ደጃፍ ያለ ሰው የተናገረው ነውና ትምህርቱ ጽኑ ነው። ነገር ግን በዚህ ፍቺ ኤውሪዲቄ ራስዋ ጨለማ ሆና ቀረች። ወርቁን ለማውጣት ሰሙ ቀለጠ፤ የቀለጠውም ሰም ሚስቱ ናት።

በምሥራቅ ደግሞ ባለዜማው ተወስዶ ሚስቱ ተተወች። ቀሌምንጦስ ዘእስክንድርያ በ2ኛው መቶ ዓመት ፍጻሜ ለጽርዓውያን በጻፈው ምክር፥ ኦርፌዎስ አራዊትን አለዘበ ቢባል፥ አዲሱ ዜማ ክርስቶስ ከአራዊት የከፋውን ሰውን አለዘበ ብሎ አነጻጸረ። በኢየሩሳሌም ከደማስቆ በር አጠገብ በ1901 የተገኘው፥ ዛሬ በኢስታንቡል ቤተ መዘክር ያለው የጠጠር ሥዕል ኦርፌዎስን በአራዊት መካከል ያሳያል። በጋዛ በ508 ወይም በ509 በተሠራው፥ በ1965 በተገኘው የምኵራብ ወለል ላይም በዚሁ መልክ የሚደረድር ንጉሥ ተሥሏል፤ ከራሱ አጠገብ ግን በዕብራይስጥ ፊደል “ዳዊት” ተብሎ ተጽፏል። ሥዕሉ ለመዝሙረኛው ተገብቶለታል፤ የፍቅሩ ታሪክ ግን እዚያ የለም።

መጨረሻውን የለወጡም አሉ። በ1330ዎቹ ገደማ በተጻፈ የእንግሊዝ ብራና ውስጥ የሚገኘው “ሰር ኦርፌዎ” የተባለ ግጥም ባለዜማውን ንጉሥ ያደርገዋል፤ ዘወር አትበል የሚል ውል የለበትም፤ ሚስቱን ይዞ ይመለሳል፤ ፈተናውም ወደ መጋቢው ታማኝነት ይዞራል። ይህ ሌላ ታሪክ ነው፤ ሌላ መሆኑንም አይሸሽግምና አይነቀፍም። ግሉክ በ1762 በቪየና ያሳየው የዜማ ድራማ ግን ከባድ ክርክር ያስነሣል። በእርሱ ዘንድ ኤውሪዲቄ፦ ስለ ምን አታየኝም? ብላ ታለቅሳለች፤ ባልዋም እንባዋን መቻል አቅቶት ዘወር ይላል። እዚህ ላይ ሚስት ምክንያት ሆነች፤ ፍቺውም ከሁሉ የጠለቀ ነበር። ወዲያው ግን የፍቅር አምላክ መጥቶ ያስነሣታል። ተመልካችን አስለቅሶ እንባውን ያለ ዋጋ መመለስ ነው።

በ20ኛው መቶ ዓመት ጥያቄው ከኦርፌዎስ ወደ ኤውሪዲቄ ተሻገረ። ሪልከ በ1904 በጻፈው ግጥም እርስዋ በሞትዋ ውስጥ እጅግ ርቃ ስላለች፥ ዘወር ማለቱ ሲነገራት ማን መሆኑን አታውቅም። ሂልዳ ዱሊትል የተባለችው አሜሪካዊት ባለቅኔ ደግሞ በ1917 ለኤውሪዲቄ የቍጣ ቃል ሰጠቻት፤ ብርሃንን ያስጣላት የባልዋ ትዕቢት ነው ትለዋለች። ሪልከ የሙታንን ርቀት አሳየ፤ ዱሊትል የተረሳችውን አስታወሰች፤ ኦርፌዎስ ግን በእርስዋ ዘንድ የሚያዝንለት አጣ።

ሁሉም ሲመዘን የቬርጊልዮስ ፍቺ ይበልጣል፤ ስለ ሁለቱም ይናገራልና። ወዳጅ የሞተበት ሰው ያችን አንዲት ሰዓት በልቡ ያመላልሳታል፤ ባልሄድሁ፥ ባልተናገርሁ፥ ዘወር ባላልሁ ይላል። ለእንዲህ ያለው ሰው ጥፋት የለብህም የሚለው መጽሐፍ አያጽናናውም፥ አይታመንምና፤ ጥፋትህ ብቻ ነው የሚለውም ይገድለዋል። ጥፋቱንም ፍቅሩንም ሳይደባልቅ የሚነግረው ግን አብሮት ያዝናል። ተረቱን ወደ አማርኛ የሚመልስ ደራሲ ቢነሣ፥ የዜማውን ጣዕም ከማሳመር አስቀድሞ ይህን ይጠብቅ፤ ከኋላ የምትመጣይቱንም አፍ አይዝጋባት።