በእስክንድር ባሕር ላይ የቀረበ ሒስ

ሰበታ ወይም ሱሉልታ ተወልዶ ያደገ ልጅ ባሕርን የሚያውቀው ከመጽሐፍ ነው። ቢበዛ በክረምት ውኃ የተኛበትን የሱሉልታን ሜዳ፣ አለዚያም ቡራዩ ሄዶ የገፈርሳን ግድብ አይቶ ይሆናል። ስለዚህ ዜና እስክንድርን ሲሰማ ልቡ ቢማረክ አይፈረድበትም።

ይህ ታሪክ ከዐረብኛ ወደ ግእዝ የተመለሰ ነው፤ ባጅ የተባለ እንግሊዛዊ በ1896 እ.ኤ.አ. ለንደን ላይ አሳትሞታል። አረማዊው የመቄዶንያ ንጉሥ በዚህ መጽሐፍ ንጽሕናን የሚሰብክ ክርስቲያን ሆኖ ይገኛል። በመስታወት ሣጥን ገብቶ ወደ ባሕር ጥልቅ ይወርዳል፤ እጅግ ግዙፍ የሆነ አውሬም በፊቱ ሲያልፍ ያያል።

ተማሪው «ተረት ነው» ብሎ ይስቃል። እኔ ግን፣ ንጉሡ በወሬ ሳይረካ በዓይኑ ሊያይ መውረዱን አደንቃለሁ። ፒካርና ዋልሽም በ1960 እ.ኤ.አ. ትሪየስት በተባለች የጥልቅ ባሕር መርከብ ከ10,000 ሜትር በላይ ወርደው የውቅያኖሱን ወለል በመስኮት አይተዋል፤ ሲወርዱ አንደኛው መስኮት እንኳ ተሰንጥቆባቸው ነበር።

የምነቅፈው፣ መጽሐፉ የባሕሩን አስፈሪነት ሁሉ ለአውሬው መስጠቱን ነው። አንባቢው አድጎ አውሬው እንደሌለ ሲረዳ ፍርሃቱንም አብሮ ይጥለዋልና። ገፈርሳ አውሬ የለበትም፤ ጭቃና ጥልቀት ግን አለበት፤ ዋና ሳይማር «ምን ያስፈራል?» ብሎ ዘሎ የሚገባ ልጅ ይህን የሚያውቀው እግሩ መሬት ሲያጣ ነው። ስለ አውሬው ግዝፈት ያን ያህል የደከመ ጸሐፊ፣ ስለ ውኃው ብርድና ስለ ትንፋሽ ማጠር ጥቂት ቢያሰፋልን ምን ነበረበት!