ፊልሙ ካለቀ በኋላ የሚያልፉት ስሞች

በዚህ እትም የምናነሳው «ሳንኮፋ» የተባለውን ፊልም ነው። ከተማሪዎቻችን ጋር አይተን እንደጨረስን፣ ስሞቹ ከታች ወደ ላይ መውጣት ሲጀምሩ ሁሉም ወንበሩን ይዞ ተነሳ። የዳይሬክተሩን የኃይሌ ገሪማን ስም የማያውቅ አልነበረም። ሽሪኪያና አይና የሚለውን ስም ግን ማንም ልብ አላለውም። እኛ ስለ እሷ መጻፍ ፈለግን።

ሽሪኪያና ጥቁር አሜሪካዊት፣ የኃይሌ ባለቤት፣ ራሷም የፊልም ሠሪ ናት። እ.ኤ.አ. በ1982 በሠራችው «ብሪክ ባይ ብሪክ» በተባለ ዘጋቢ ፊልም በዋሽንግተን ከተማ ከቤታቸው የሚፈናቀሉ ድሃ ጥቁሮችን አሳይታለች። በ«ሳንኮፋ» ላይ ግን ሥራዋ ከመጋረጃ በስተጀርባ፣ በተባባሪ ፕሮዲዩሰርነት ነበር።

ፕሮዲዩሰር ሲባል ብዙዎቻችን ኪሱ የሞላ ሰው ይመስለናል። ነገሩ ግን ሌላ ነው። ገንዘብ የሚያፈላልገው፣ ፈቃድ የሚጠይቀው፣ ተዋናዩ የት እንደሚያድር የሚጨነቀው፣ ፊልሙ ካለቀ በኋላም ተመልካች የሚፈልገው እሱ ነው። ሥራው ያማረ ለት ምስጋናው ለሌላ፣ የተበላሸ ለት ወቀሳው ለእሱ!

«ሳንኮፋ» በጋና የባሪያ ንግድ ምሽግ ፎቶ ስትነሳ የነበረች ሞና የተባለች ሞዴል ወደ ጥንቱ ዘመን ተመልሳ በባርነት ስትገዛ ያሳያል። ቃሉም ጋናዊ ነው፤ ተመልሰህ ያለፈውን አንሳ እንደማለት ነው። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1993 በበርሊን ፌስቲቫል ተወዳደረ። ታዲያ በአሜሪካ የሚያከፋፍለው ጠፋ። እነኃይሌ ሲኒማ ቤት ራሳቸው ተከራይተው፣ የጥቁሮችን ማኅበረሰብ አስተባብረው ከዋሽንግተን ጀምረው ከከተማ ወደ ከተማ አሳዩት። ሰዉም ተሰልፎ ገባ። በዋሽንግተን ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት ያቋቋሙት መጻሕፍት ቤትም ስሙ ሳንኮፋ ነው። ፊልሙ ታድሶ ኔትፍሊክስ ላይ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2021 ነው። 28 ዓመት ሙሉ ባለቤቶቹ አልለቀቁትም ማለት ነው።

ይህን ስንል ጉድለት የለውም ማለታችን አይደለም። «ሳንኮፋ» ከሁለት ሰዓት በላይ ይሄዳል። አንዳንድ ቦታ ሰዎቹ መነጋገር ትተው ንግግር ያደርጋሉ፤ ከተማሪዎቻችን መሀል ያንቀላፋም አልጠፋም። በእኛ አስተያየት ይህ ነፃነት የሚያስከፍለው ዋጋ ነው። ዳይሬክተሩና ፕሮዲዩሰሮቹ አንድ ቤት ሲሆኑ «ይሄ በዛ፣ ቁረጠው» የሚል የውጭ ሰው አይኖርም። ሌላም ዋጋ አለው፤ ጊዜ። የኃይሌ «ጤዛ» እ.ኤ.አ. በ2008 በቬኒስ ሲሸለም፣ ለመሥራት አሥራ አራት ዓመት ያህል ፈጅቶ ነበር።

ቢሆንም ከተቆረጠና ከተሸጠ ፊልም ረዥሙንና የራስ የሆነውን እንመርጣለን። ለምን ቢባል፣ እዚህ ካምፕ ካሜራ ይዘው የመጡ እንግዶች ነበሩ። እናቶችን አስለቅሰው ቀረጹ፣ ልጆችን አሰልፈው ቀረጹ፣ ሄዱ። ፊልሙን እስከ ዛሬ አላየነውም። የት እንደታየ፣ ምን ተብለን እንደተጠራን አናውቅም። ታሪኩ የእኛ ነበር፤ ፊልሙ ግን የእኛ አይደለም። ልዩነቱን የሚወስነው ካሜራውን የያዘው ብቻ ሳይሆን፣ ገንዘቡን ያመጣውና የተቀረጸውን በእጁ ያስቀረው ሰው ነው።

የድራማ ክበባችን አሁን አጭር ፊልም ለመሥራት እየተነሳ ነው። ለተዋናይነት የተመዘገበው ብዙ ነው፤ ለዳይሬክተርነትም ሰባት ሰው አለ። ለፕሮዲዩሰርነት እስካሁን አንድም የለም። ጄኔሬተሩን ማን ያስፈቅድ? የእናቶችን ፈቃድ ማን ይጠይቅ? የተቀረጸውን ማን ይዞ ያስቀምጥ? ተማሪዎቻችን፣ በተለይም እናንተ በስም ጥሪ ጊዜ ከኋላ ሆናችሁ «አቤት» የምትሉ፣ ይህ ሥራ የእናንተ ነው። ስማችሁ በመጨረሻ ቢያልፍም እኛ ቁጭ ብለን እናነበዋለን።

እስከሚቀጥለው እትም ደህና ሁኑ።