ሌሊቱን ስለሚተጉ ሰዎች የተጻፈ መጽሐፍ

ሪቻርድ ፕሬስተን የተባለው አሜሪካዊ ደራሲ በ1987 (ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር እንጽፋለን) ያሳተመው መጽሐፍ ስሙ «ፊርስት ላይት» ይባላል፤ ትርጓሜውም «የመጀመሪያ ብርሃን» ማለት ነው። ይኸውም አዲስ የተሠራ ቴሌስኮፕ የሰማይን ብርሃን መጀመሪያ የሚቀበልበት ጊዜ ስም ነው።

መጽሐፉ የሚናገረው በካሊፎርኒያ አገር በፓሎማር ተራራ ላይ ስላለው፥ ሄል ስለሚባለው ታላቅ ቴሌስኮፕና በዚያ ስለሚተጉ የከዋክብት ተመራማሪዎች ነው። የመስተዋቱ ወርድ አምስት ሜትር ያህል ነው። በ1934 ብርጭቆው ቀልጦ ሲፈስ የመጀመሪያው ተበላሽቶ ሁለተኛው ተሳካ፤ ተፍቆና ተወልውሎ ቴሌስኮፑ የተመረቀው ግን በ1948 ነው። አሳቡን ያመነጨው ጆርጅ ሄል በ1938 ስለ ሞተ ፍጻሜውን አላየም።

ደራሲውን የምናመሰግነው ከዚህ ሁሉ ግዙፍ ነገር ይልቅ ሰዎቹን ስላስቀደመ ነው። ጄምስ ጋን የተባለው ሊቅ ሌሎች ከጣሉት ዕቃ ለቅሞ መሣሪያ ሲገጣጥም፥ ሁዋን ካራስኮ የተባለው የሌሊት ረዳት ያን ሁሉ ብረት በጥንቃቄ ሲያዞር፥ ዩጂንና ካሮሊን ሹሜከር የተባሉት ባልና ሚስት በዚያው ተራራ በትንሽ ቴሌስኮፕ ወደ ምድር የሚቀርቡትን የሰማይ ዓለቶች ሲፈልጉ እናያለን። ከሁሉም የሚያስደንቀው የማርተን ሽሚትና የባልንጀሮቹ ሥራ ነው። እጅግ ሩቅ የሆኑትን፥ ኳዛር የሚባሉትን ብርሃናት ለማግኘት ቴሌስኮፑን በአንድ ስፍራ አቁመው፥ ምድር ስትዞር ሰማዩ በፊቱ እንዲያልፍ ያደርጋሉ። ያ ብርሃን ብዙ ሺህ ሚሊዮን ዓመት ተጉዞ የመጣ ነው፤ የሚቀበለው ግን እንቅልፉን ያሸነፈ ሰው ነው።

ጉድለቱንም መናገር ይገባል። ደራሲው በሰዎቹ ጠባይና ጨዋታ ላይ ብዙ ስለሚቆይ፥ የኳዛር ርቀት በምን እንደሚታወቅ ሊረዳ የሚሻ አንባቢ ነገሩን ከየቦታው መለቃቀም አለበት። በቅኔ ቤት ቢሆን መምህሩ «ዘይቤው ምሥጢሩን ሸፈነው» ብሎ ይመልሰው ነበር።

ነገር ግን ይህን መጽሐፍ በደብረ ታቦር ተቀምጦ የሚያነብ ሰው ጋፋትን ሳያስብ አያልፍም። በከተማችን አጠገብ ባለችው በዚያች ስፍራ ዐፄ ቴዎድሮስ በ1867 ሴባስቶፖል የተባለውን ታላቅ መድፍ አሠሩ። የንጉሡ ስም ይታወቃል፤ ቴዎፍሎስ ቫልድማየርን የመሰሉት የአውሮፓ ሠራተኞችም ታሪካቸውን ራሳቸው ጽፈዋል። ከሰሉን ያከሰለው፥ ወናፉን የነፋው፥ መድፉን እስከ መቅደላ የጎተተው ያገር ሰው ስም ግን አብዛኛው ሳይጻፍ ቀርቷል።

በእንጦጦ ተራራም በ2015 እያንዳንዳቸው አንድ ሜትር ወርድ ያለው መስተዋት የተገጠመላቸው ሁለት ቴሌስኮፖችን የያዘ የከዋክብት መመልከቻ ተከፈተ። አገራችን ለሰማይ እንግዳ አይደለችም፤ ባሕረ ሐሳብንና አቡሻክርን ሲማር የኖረ ሕዝብ ነው። ሆኖም ቁጥሩ ሲወርስ ሲዋረስ የመጣውን ያህል፥ የቆጣሪዎቹ ድካም አልተነገረም። ስለዚህ በእንጦጦ ብርድ ጉልላቱን የሚከፍተውን፥ ደመናው እስኪገለጥ የሚታገሠውን፥ መስተዋቱን ከአቧራ የሚጠብቀውን ሰው የሚያሳየን የአማርኛ መጽሐፍ ያስፈልገናል። የሚጽፈውም ሰው የፕሬስተንን ሰው ወዳድነት ይያዝ፥ መበታተኑን ይተው። ጊዜውም ሠራተኞቹ በሕይወት ሳሉ ነው፤ በጋፋት እንደ ሆነው ሁሉ፥ ኋላ የሚጠየቅ አይገኝምና።