ሃምሳ ሰው ያልሞላበት አገር፦ ኢሠአማን ከጎንደር ማየት

የኢትዮጵያ ሠራተኞች አንድነት ማኅበር (ኢሠአማ) ብዙ ጊዜ የሚነሳው በአሟሟቱ ነው። በ1955 ተመሠረተ፤ በ1966 አገር ያናወጠ አድማ መታ፤ መስከረም 1968 ደርግ የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ አውጆ ዝም አሰኘው፤ በዚያው ዓመት አዋጅ ቁጥር 64 ሲወጣ ሕልውናው አከተመ። ከዚያ ወዲህ ያለው ክርክር በመሪዎቹ ላይ ያጠነጥናል፤ እነ በየነ ሰሎሞን ለዘብተኞች ነበሩ ወይስ አስተዋዮች? ክርክሩ ወንጂን፣ አቃቂንና ድሬዳዋን በደንብ ያውቃል። ጎንደርን አያውቅም። እኔ ግን የማኅበሩ ዋና ድክመት ከመሪዎቹ ጠባይ ይልቅ ከተወለደበት ሕግ የመጣ ነው እላለሁ፤ ይህም ጎልቶ የሚታየው ማኅበሩ ብዙም ካልደረሰበት አገር ሆነው ሲያዩት ነው።

የ1948ቱ የተሻሻለው ሕገ መንግሥት የሠራተኞችን የመደራጀት መብት በወረቀት አሰፈረ። የባቡር ሠራተኞች በድሬዳዋ ቀድመው ተደራጅተው ነበር፤ የወንጂ ስኳር ሠራተኞችም በዕድር ጥላ ሥር ይመክሩ ነበር። በ1954 መጨረሻ የወጣው ድንጋጌ፣ ኋላም አዋጅ ቁጥር 210/1956፣ ለዚህ ትግል ሕጋዊ በር ከፈተ። በሩ ግን ጠባብ ነበር። በአንድ ድርጅት ውስጥ ቢያንስ 50 ሠራተኛ ከሌለ ማኅበር ማቋቋም አይቻልም፤ የመንግሥት ሠራተኛና የቤት ሠራተኛም ከሕጉ ውጭ ነበሩ።

ይህን መለኪያ ይዞ ወደዚያ ዘመን ጎንደር የሚገባ ሰው ማንን ያገኛል? የአዲስ ዓለም ሸማኔ በገዛ ቤቱ ይሠራል፤ የወለቃ ቀጥቃጭና ሸክላ ሠሪ አሠሪ የለውም። የፒያሳ ሱቅና ሆቴል ሃምሳ ሰው አይቀጥርም። በ1947 የተከፈተው የሕዝብ ጤና ኮሌጅና የማዘጋጃ ቤቱ ሠራተኞች የመንግሥት ናቸው። መምህራን የራሳቸው ማኅበር ነበራቸው፤ የካቲት 1966 በመንግሥት የትምህርት ዘርፍ ጥናት ላይ ሲነሱም በዚያው ስም ነው።

ከሁሉም የሚያሳዝነኝ ግን የደገኛው ነገር ነው። ከዳባት፣ ከደባርቅ፣ ከጃን አሞራ የእርሻ መሬቱ ያነሰው ጎልማሳ ሰሊጥ ሲደርስ ወደ ሁመራና መተማ ቆላ ይወርዳል። በ1950ዎቹና በ60ዎቹ ሰፋፊ እርሻ ሲስፋፋ የወራጁም ቁጥር በዚያው ልክ በዛ። ሰሊጥ ጊዜ አይሰጥም፤ ፍሬ መያዣው ከደረቀ ይፈነዳና ምርቱ መሬት ይቀራል። ስለዚህ ባለ እርሻው በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ብዙ እጅ ይፈልጋል፤ አጫጁም ለእነዚያ ሳምንታት ብቻ የመደራደር አቅም አለው። አድማ ለመምታት ከዚህ የተሻለ ወቅት አይገኝም! ግን ማን ያስተባብረው? ስሙ በመዝገብ የለም፤ የዛሬ ወር የት እንደሚሆን አይታወቅም። ግራር ሥር ያድራል፣ ወባ ይይዘዋል፤ ከ1960ዎቹ ጀምሮ ደግሞ ካላዛር ቆላ የወረደውን ደገኛ ጨረሰው፤ ሰውነቱ በሽታውን አያውቀውምና። አዋጁ ሠራተኛን ሲያስብ በአንድ በር ገብቶ በአንድ በር የሚወጣ የፋብሪካ ሰው ነው የታየው። ይህ ሰው ግን አገሪቱ ለውጭ ገበያ የምታቀርበውን ሰሊጥ በእጁ አጭዷል።

ከየካቲት 28 ቀን 1966 ጀምሮ ኢሠአማ 16 ጥያቄዎች ይዞ ለአራት ቀን ሥራ ሲያስቆም አቅሙ እውነተኛ ነበር። ዝቅተኛ የደመወዝ ወለል ይወሰን ብሎ መጠየቁ ከአባላቱ አልፎ ማሰብ መጀመሩን ያሳያል፤ ይህን ማቃለል ግፍ ነው። ግን ደርግ ከዓመት ከመንፈቅ በኋላ ሲመጣበት ኃይሉ በጥቂት ከተሞችና ፋብሪካዎች ተወስኖ ስለነበር ለመክበብ አላስቸገረም። ታኅሣሥ 1969 በምትኩ የተቋቋመው የመላው ኢትዮጵያ ሠራተኞች ማኅበር (መኢሠማ) ደግሞ የመንግሥት ክንድ ሆነ፤ ሊቀመንበሩ ቴዎድሮስ በቀለም ሁለት ወር ሳይሞላቸው ተገደሉ። ከደርግ በኋላ የመጣው የኢትዮጵያ ሠራተኞች ማኅበራት ኮንፌዴሬሽንም (ኢሠማኮ) በ1987 ምዝገባው ተሰርዞ በ1989 እንደገና ተዋቀረ።

ዛሬ በሥራ ላይ ያለው አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ማኅበር ለማቋቋም 10 ሠራተኛ ይበቃል ይላል፤ ከዚያ ያነሰ ሠራተኛ ባላቸው ድርጅቶች የሚሠሩም ተባብረው የጋራ ማኅበር እንዲመሠርቱ ይፈቅዳል። የቆላው አጫጅ በዚህ አንቀጽ ሊጠቀም የሚችልበትን መንገድ መመርመር የሕግ ባለሙያዎች ሥራ ነው። የታሪክ ተመራማሪው ድርሻ ሌላ ነው፤ በ1960ዎቹ ሁመራ የወረዱት የዳባትና የደባርቅ ሽማግሌዎች ቀን ስንት እንደተከፈላቸው፣ ደላላው ምን እንደቀነሰባቸው፣ አንድ ላይ ሆነው እምቢ ያሉበት ቀን እንደነበር ከራሳቸው አንደበት መመዝገብ አለበት፤ ያም አሁኑኑ፣ እነሱ በሕይወት ሳሉ።