የኃይሌ ገሪማ አኩፋዳ

ጋይንት ቤተ ልሔም ነው። የትም ተማር የት፣ ድጓህን የምታስመሰክረው እዚህ መጥተህ ነው። ደበሎ የለበሰ አንድ ተማሪ ከዛፍ ሥር አግኝቼ፦

«ስንት ጊዜ ሆነህ እዚህ?» አልኩት።

«ሦስት ዓመት አለፈኝ፣ ጌታው።»

«ወጪህን ማን ይችልሃል?»

አኩፋዳውን ከፍ አድርጎ አሳየኝ። «አገሩ ነዋ!»

«እንጀራ የሰጠህ ሰውዬ ታዲያ ‹ይህን ዜማ ለውጥልኝ› ቢልህስ?»

ሳቀብኝ። «ቁራሽ ሰጠኝ እንጂ ድጓውን መች ገዛው?»

ይህን ስሰማ ትዝ ያሉኝ የጎንደሩ ሰው፣ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1946 ጎንደር ተወለዱ፤ በ1967 አሜሪካ ገቡ፤ ከ1975 ጀምሮ ለአሥርት ዓመታት በዋሽንግተኑ ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊልም አስተማሩ። ዳይሬክተር ብቻ እንዳይመስሏችሁ። ፕሮዲዩሰርም ናቸው። በግልጽ አማርኛ፣ ለፊልማቸው ሲሉ አኩፋዳ ይዘው የሚዞሩ ሰው ናቸው።

«ሳንኮፋ»ን ለመሥራት ዘጠኝ ዓመት ያህል ፈጀባቸው። በ1993 በርሊን ላይ ለውድድር ቀረበ። አሜሪካ ውስጥ ግን የባርነትን ታሪክ በባሪያው ዓይን የሚያሳየውን ይህን ፊልም የሚያከፋፍል ኩባንያ ጠፋ። ሌላ ሰው ቢሆን ፊልሙን ቁም ሳጥን ውስጥ ከትቶ ዕድሉን ይራገም ነበር። ኃይሌና ባለቤታቸው ሸሪኪያና አይና ግን ሲኒማ ቤት ተከራዩ። ሰው ለሰው ተጠራራ፤ ፊልሙ ከከተማ ወደ ከተማ ዞረ። ከገቢውም ጆርጂያ ጎዳና ላይ፣ ከሃዋርድ ፊት ለፊት፣ ሕንፃ ገዝተው የመጻሕፍትና የፊልም መደብር ከፈቱ። «ሳንኮፋ» ኔትፍሊክስ ላይ የወጣው በ2021 ነው። ከሃያ ስምንት ዓመት በኋላ!

ነጻነት ማለት የራስ ገንዘብ መያዝ ይመስለን ነበር። አይደለም። ከብዙ ሰው ቁራሽ ተቀብሎ ድጓውን ለማንም አለመሸጥ ነው።

ይሁን እንጂ ሰውየውን ስላከበርኩ ብቻ ዝም አልልም። አኩፋዳ ዋጋ ያስከፍላል፤ ዋጋው ደግሞ ፊልሙ ላይ ይታያል። በ1974 አገር ቤት መጥተው በሁለት ሳምንት ገደማ የቀረጹት «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የማይቸኩል ፊልም ነው። ገበሬው ሲያርስ፣ ባለርስቱ ወንበሩ ላይ ተጎልቶ ሲያዝ፣ ካሜራው አብሮ ቁጭ ብሎ ያያል። አሥራ አራት ዓመት የፈጀው «ጤዛ» ግን ይቸኩላል። ደርግ፣ የተማሪው ንቅናቄ፣ የጀርመን ዘረኝነት፣ ለጦርነት የሚታፈሱ ልጆች፣ ሁሉም አንድ ላይ ይጋፉበታል። የሁለት ሳምንቱ ረጋ ብሎ የአሥራ አራት ዓመቱ መቸኮሉ ለምን ይሆን? እንደኔ እንደኔ፣ ለብዙ ዓመት አፉን ተይዞ የኖረ ሰው ሲፈቀድለት ሁሉን በአንድ ትንፋሽ ሊናገር ስለሚፈልግ ነው። ቀጣዩ ዕድል መቼ እንደሚመጣ አያውቅማ!

ሁለተኛው ቅሬታዬ ይብሳል። ቤተ ልሔም ያስመሰከረ ተማሪ አገሩ ተመልሶ ወንበር ይተክላል፤ ያስተምራል። «ጤዛ»ም በ2008 ቬኒስ ላይ የዳኞችን ልዩ ሽልማት፣ በ2009 ዋጋዱጉ ላይ ታላቁን የፈረስ ሽልማት ወስዶ አስመስክሯል። ግን ደብሩ ገብቷል? ልጁን ስለ ኃይሌ ገሪማ ጠየቅኩት። ስማቸውንም አልሰማ። የጋይንት ገበሬ ስለ ገበሬ የተሠራውን «ምርት»ን የት ይየው?

ይህ የኃይሌ ጥፋት ነው እንዳልል፣ ፊልም ሠሪ አዳራሽ ተሸክሞ አይዞርም። ጎንደር፣ ባሕር ዳርና ደብረ ታቦር ዩኒቨርሲቲ አለ፤ አዳራሽ አለ፤ ፊልም ማሳያ መሣሪያ አይጠፋም። በዓመት አንድ ቀን «ምርት»ን ማሳየት፣ አንድ ቀን «ጤዛ»ን አሳይቶ መከራከር ምን ይከብዳል?

ፊልሞቹ ሲሠሩ ከአኩፋዳቸው ቁራሽ የጨመርን ስንት ነን? እሱስ አልፏል። ዜማውን መስማት ግን ገንዘብ አይጠይቅም።